ወይዘሪት ብርቱካንና ባለእግሯ ሃ

ልጄ ደሳለኝ ከደቡብ አፍሪካ ደውሎ «እማ፣ ሱቁን የከፈትኩት ኦሬንጅ ፋርም ነው» ሲለኝ፣ ሆሳዕና ደጃፌ ላይ ተቀምጬ የታየኝ የብርቱካን እርሻ ነበር። ሱቁ መሀል ላይ፣ ዛፉ ዙሪያውን፣ ፍሬው ጣሪያው ላይ ዱብ ዱብ ሲል። መጥቼ ሳየው ለካ ቀይ አፈር፣ ቆርቆሮ፣ የሽቦ አጥር፣ ከመሀል ጆሃንስበርግ ታክሲ ውስጥ ተጣብቆ ወገብ እስኪንቀጠቀጥ የሚኬድበት ሰፈር ነው። ብርቱካን ካለ ደሳለኝ ራሱ በከረጢት አስጭኖ የሚያመጣው ነው። «ስሙን ያወጣው ሰው ቀልደኛ ነበር» አልኩት፤ ሳቀ። እኔ ግን ይሄው እስከ ዛሬ ስሙን በሰማሁ ቁጥር ሌላ ብርቱካን ትመጣብኛለች። ረጅም፣ ነጭ፣ ጸጉሯ እንደበሰለ ብርቱካን የቀላ፣ ቦቲ ጫማዋን ጭቃ የማይለየው። ስሟ ብሪታ ነበር። ሆሳዕና ብሪታ የሚባል ስም ማን ያውቃል? ጸጉሯን አዩና ብርቱካን አሏት። እሷም ስሙን ወደደችው፤ ለእኔ በጻፈችው ደብዳቤ ሁሉ ሥር የፈረመችው «ብርቱካን» ብላ ነው።

እዚህ ሥራዬ ከሱቁ የብረት ፍርግርግ ጀርባ መቀመጥ ነው። ደሳለኝ «አንቺ እረፊ» ይለኛል። እኔ ግን ሠላሳ ምናምን ዓመት ልጆች ፊት ቆሜ ፊደል ያስቆጠርኩ ሴት ነኝ፤ እጄን አጣጥፌ መዋል አልችልበትም። ግማሽ ዳቦ፣ ነጠላ ሻማ፣ የስልክ ኤርታይም እሸጣለሁ። «ሳውቦና ጎጎ» ይሉኛል፤ ሳውቦና ሰላምታ ነው፣ ጎጎ ደግሞ አያት ማለት ነው። «ዬቦ» እላለሁ፣ አዎ እንደማለት፤ በዚህች ቃል ግማሹን ዙሉ የጨረስኩት ይመስለኛል። ከደንበኞቻችን አንዷ ማማ ኖምሳ ናት፤ መንገዱ ጥግ ያለው የጸሎት ቤት የመዘምራን መሪ። ቅዳሜ ቅዳሜ ሰማያዊ ባሬጣዋን ደፍታ ወደ ልምምድ ስትሄድ እግረ መንገዷን ዳቦ ትገዛለች። የምንግባባው በእሷ እንግሊዝኛ፣ በእኔ የአስተማሪ እንግሊዝኛ፣ የቀረውን በእጅ ነው። በዚህ ዓመት መጀመሪያ አንድ ቅዳሜ ቦርሳዋን ስትፈትሽ ወረቀት አውጥታ ባንኮኒው ላይ አስቀመጠች። የሙዚቃ መስመር የለበትም፣ ክብ ክብ ኖታ የለበትም፤ ፊደል ብቻ ነው፣ በሁለት ነጥብና በጭረት የተከፋፈለ የእንግሊዝኛ ፊደል። «ይሄ ምንድን ነው?» አልኳት። «መዝሙር ነው እንጂ ጎጎ! ሶልፋ ነው። ዶ፣ ሬ፣ ሚ። አያቴም በዚሁ ነው የዘመረው። እኛ እዚህ የምናነበው ፊደል ነው» አለችኝና ወረቀቱን እንደያዘች ማዜም ጀመረች። ዳቦው እጄ ላይ ቀረ። እኔም በፊደል ነበር የዘመርኩት፤ ያውም በራሳችን ፊደል።

ያኔ ሆሳዕና እንደዛሬው አልነበረችም። መናኸሪያው ጥግ ያለው ሻይ ቤት በስሙኒ ሻይና ሁለት ፓስቲ ይሰጥ ነበር፤ ፓስቲው የሚጠቀለልበት የደብተር ወረቀት ላይ የማን ልጅ ሒሳብ እንደወደቀ እናነብ ነበር። ከረሜላ በአምስት ሳንቲም አምስት። ተትረን ቀሚስ ያላት ልጅ እሑድ እሑድ ከፊት ትቀመጣለች፤ የሌለን የአቡጀዲ ቀሚሳችንን በቅጠል አረንጓዴ ነክረን ከኋላ። እኔ ተትረን ባይኖረኝም ከፊት ነበር የምቀመጠው፣ ድምፄ ነው ያስቀመጠኝ። የሻይ ቤቱ ሬዲዮ ከአዲስ አበባ ዘፈን ሲያመጣ የሚሲዮን ትምህርት ቤት ልጆች ስለሆንን ዘፈን አንሰማም፤ ጫማችንን እያሰርን ነው የምንቆመው። በረባሶ ማሰሪያ እንደሌለው የሚያውቅ ያውቃል።

ብርቱካን የመጣችው ለሁለት ዓመት ሙዚቃ ልታስተምር ነበር፤ ስድስት ዓመት ቆየች። ያኔ «እሳቸው» ነበሩ፤ አሁን ግን ያኔ ከነበረችበት ዕድሜ በብዙ ስለምበልጣት «እሷ» ብላት አትቀየመኝም። እሷ እንኳ ለሁሉም «እርስዎ» ነበር የምትለው። አማርኛ የተማረችበት መጽሐፍ አክብሮት ብቻ ነው ያስተማራት መሰለኝ፣ ለአንደኛ ክፍል ልጅም፣ ለፍየልም፣ ጸሎት ቤት ለገባ ውሻም እኩል ነው። «እባክዎ ይውጡ» ስትለው ውሻው ጅራቱን እየቆላ ይቀመጣል፤ እኛ ሳቃችንን በመዝሙር መጽሐፍ እንሸፍናለን።

የዜማ ደራሲ መሆኗን ያወቅነው ቆይተን ነው። አባቷ በአንዲት ትንሽ የስዊድን ከተማ የቤተ ክርስቲያን ኦርጋን ተጫዋች ነበር። ወንድሟን ሲያስተምር እሷ ከኦርጋኑ ጀርባ ሆና ወናፉን ትረግጥ ነበር፤ ወንድሟ ባንክ ቤት ተቀጠረ፣ ወናፍ የረገጠችው ደራሲ ሆነች። ስቶክሆልም ትልቁ የሙዚቃ ትምህርት ቤት ገብታ ስትማር መምህሯ የሠራችውን እያየ «ለሴት ልጅ መልካም ነው» ይላት ነበር። «ለሴት ልጅ መልካም ነው ማለት ምን ማለት እንደሆነ ያውቃሉ?» ብላ ጠየቀችኝ አንድ ቀን። «ለወንድ ልጅ መጥፎ ነው ማለት ነው!» ብላ ራሷ ሳቀች። ለአራት ክራር መሳይ መሣሪያዎች የጻፈችው ነበር፣ ለዘፋኝና ለፒያኖ የጻፈችው ነበር፣ ለሙሉ ኦርኬስትራ የጻፈችው ትልቅ ሥራ ነበራት፤ እሱም በዝናብ ቀን፣ ግማሹ ወንበር ባዶ ሆኖ፣ አንድ ጊዜ ብቻ ተጫውተውላታል። ሥራዋን በስሟ የመጀመሪያ ፊደል ብቻ ፈርማ ለአሳታሚዎች ስትልክ «ክቡር ሆይ» ብለው ይመልሱላታል፤ ሙሉ ስሟን ስትጽፍ መልስ የለም። «ፖስታ መጠበቅ ሰለቸኝና ወደ እናንተ መጣሁ» አለችን። እኔ ግን ከሁሉ የገረመኝ ሌላ ነው። መዝሙር ከድሮ ጀምሮ ያለ ነገር ይመስለኝ ነበር፣ እንደ ወንዝ። ጫማዋ ጭቃ የነካ፣ ጉንፋን የያዛት ሴት ከምንም ተነስታ ዜማ እንደምትሠራ ያየሁት እሷ ላይ ነው።

ኖታ ልታስተምረን ሞከረች፤ የሚታይ ነገር ሁሉ የቡና ፍሬ መስሎ አስቸገረን። ከዚያ አንድ ጠዋት ጥቁር ሰሌዳው ላይ ሀ፣ ሁ፣ ሂ፣ ሃ፣ ሄ፣ ህ፣ ሆ ብላ ጻፈች። «ሰባት ድምፅ አለ፤ እናንተ ደግሞ ሰባት ፊደል አላችሁ። ይህን የሚያህል ስጦታ የያዘ ሕዝብ ኖታ ምን ያደርግለታል?» አለች። ሀ የመጀመሪያው ደረጃ፣ ሁ ሁለተኛው፣ እያለ እስከ ሆ። በአንድ ወር ውስጥ የሰጠችንን ሁሉ ማንበብ ጀመርን። አዲስ መዝሙር ስትሰጥ ራሷ ቀድማ ታዜማለች፤ እኛ ፊደሉን እያየን ድምጿን እንከተላለን። እዚህ ላይ አንባቢ ፊደል ቆጥሮ ከሆነ ጉዱ ቀድሞ ታይቶታል። በእሷ አፍ ሀ እና ሃ ሁለት ናቸው። መጽሐፉ እንዳስተማራት የመጀመሪያዋን «ኸ» ለማለት ምንም አይቀራት፣ አራተኛዋን አፏን ከፍታ ነው የምትላት። በእኛ አፍ ግን አንድ ናቸው። አራተኛዋ እግር ስላላት በዓይን እንለያታለን፤ በጆሮ ማንም አይለያትም።

የጸሎት ቤታችንን ኦርጋን ወናፍ አይጥ በላው። ብርቱካን ወናፉን ነቅላ፣ በሻሽ ጠቅልላ፣ አውቶቡስ ላይ ጭና አዲስ አበባ ለማሠራት ሄደች። ሦስት ሳምንት ቆየች። ከመሄዷ በፊት ለአዲሱ ጸሎት ቤት ምረቃ የሠራችውን መዝሙር በአንድ ወረቀት ጽፋ ሰጠችኝ። «ታደለች፣ ስመለስ እሰማዋለሁ። እርስዎን አምናለሁ» አለችኝ። የመዘምራኑ ረዳት መሪ ነበርኩ፣ ዕድሜዬ አሥራ ሰባት፣ ራሴን ደግሞ ከሰማይ ዝቅ ከምድር ከፍ ያለ ቦታ ነበር ያስቀመጥኩት። የእኔ እጅ ጽሑፍ የዶሮ ጭረት ስለሆነ ጓደኛዬ አስቴር ሰሌዳው ላይ እንድትጽፍ እኔ አነበብኩላት። የመዝሙሩ መነሻ «ሂ፣ ሃ፣ ሄ» ነው፤ እንደ ደረጃ ቀስ ብሎ የሚወጣ። እኔ «ሂ፣ ሃ፣ ሄ» አልኩ፤ አስቴር የሰማችውን «ሂ፣ ሀ፣ ሄ» ብላ ጻፈች። ሰሌዳው ሙሉ እንደዚያው ሆነ፤ ባለእግሯ ሃ አንዲትም አልቀረች፣ ሁሉም ወደ መጀመሪያዋ ሀ ወረዱ። ወረቀቱን መጽሐፌ ውስጥ ከትቼ ከሰሌዳው አስጠናሁ። ዜማው ወጣ በሚባልበት ቦታ ሁሉ ዘጭ ብሎ መሬት ይነካና እንደ ጥጃ ይዘላል። እኛ እንዴት ያምራል ብለን ዘመርነው። ዓመታት ቆይቶ አንድ የሙዚቃ መምህር እንዳስረዳኝ፣ ከሰባቱ ድምፆች አራተኛውንና ሰባተኛውን ብታወጣ የሚቀርህ የትዝታ ቅኝት ነው። ብርቱካን በዚያ መዝሙር ሰባተኛዋን ሆ ቀድሞውንም አልነካቻትም ነበር፤ አራተኛዋን እኔ ገደልኩላት።

የተመለሰች ቀን ቆመን ዘመርንላት። ፊቷ እየቀላ መጣ። ብርቱካን ስትናደድም ስትደሰትም ፊቷ ይቀላል፤ የትኛው እንደሆነ በዓይን አይታወቅም። ጨረስን። «ድገሙት» አለች። ደገምን። ሦስተኛም አስደገመችን። ከዚያ ወደ እኔ መጥታ «ታደለች፣ ይህ ዜማ የማን ነው?» አለችኝ። የእርስዎ ነው እንዳልል የእሷ እንዳልሆነ ከፊቷ አነበብኩ፤ የእሷ ካልሆነ ያበላሸሁት እኔ ነኝ፤ ያበላሸሁት እኔ ከሆንኩ ረዳት መሪነቱ ነገ ተትረን ላላት ልጅ ይሄዳል። «የእናቴ ነው» አልኩ። «የእርስዎን ልጆቹ ስላልቻሉት፣ እናቴ እንሰት ስትፍቅ የምታዜመውን አስጠናኋቸው። ወረቀቱም ጠፍቷል።» ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይባላል፤ ከአፋፉ ወርዶ የት እንደሚደርስ መቼ ገባኝ! ብርቱካን ሁለት እጇን ፊቷ ላይ አደረገች። «ይገርማል» አለች፣ «ከእኔ ዜማ ጋር እንደ እህትማማች ይመሳሰላሉ። ግን የእናትዎ ትበልጣለች። ቅዳሜ ወደ እናትዎ እንሄዳለን።»

ያን ዕለት ወረቀቱን አውጥቼ ሳየው ነው እግሯን ያየኋት። ባለእግሯ ሃ፣ እዚህም እዚያም፣ ቆማ ታየኛለች። ዓርብ ከትምህርት ቤት ሮጬ ወደ እናቴ ሄድኩ፤ በእግር የሁለት ሰዓት መንገድ ነው። እናቴ ወርቄ ትባላለች፤ አማርኛ ከሰላምታ አታልፍም፣ ነገር ግን የሰው ዓይን ታነባለች። ሁሉን በሀዲይኛ ነገርኳት። ትቆጣለች ስል ዜማውን አሰሚኝ አለች። አሰማኋት። አንድ ጊዜ አብራኝ አዜመች፣ ሁለተኛውን ራሷ ቃል ጨመረችበት፤ ስለ እንሰቱ፣ ስለ ጀርባ ሕመም፣ ሚስቱን ገበያ ልኮ ስለሚተኛ ባል። «እናቴ፣ ነገ ልትዋሺልኝ ነው?» አልኳት። «እንግዳ በባዶ ጆሮ አይሸኝም» አለችኝ። በማግስቱ ብርቱካን በእንሰት ቅጠል ላይ ተቀምጣ፣ እናቴና ማታውኑ ያስጠናቻቸው ጎረቤቶቿ እንጨቱ ላይ ጎንበስ ብለው እየፋቁ ሲቀባበሉት ሰማች። ደብተሯ ላይ ስትጽፍ እንባዋ ፊደሉን አጠፋባት። መንገድ ላይ ስንመለስ «የራሴን መዝሙር እተወዋለሁ፤ ከእናትዎ ጎን ሲቆም ያፍራል» አለችኝ። መንገዱን ሁሉ ልነግራት አፌን ከፈትኩ፣ መንገዱ አለቀ።

ዘመኑ ተለወጠና ፈረንጆቹ ሄዱ። ብርቱካንም ሄደች። ኦርጋኑ እኛ ዘንድ ቀረ፣ እሱንም አንዱ ወስዶ ወንበር ሠራበት። ዜማው ግን ከአንዷ እንሰት ፋቂ ወደ ሌላዋ እየተሻገረ የአገሩ ሁሉ ሆነ። እኔ መምህርት ሆንኩ፣ አገባሁ፣ ወለድኩ። በማስተማር ዘመኔ ሁሉ ተማሪ ሀ እና ሃ ቢያቀያይር አንድ ቀን ስህተት ብዬ በቀይ አላሰመርኩም፤ ዳይሬክተሩ ሲገርመው ኖሯል። ብርቱካን በየገናው ትጽፍልኝ ነበር። አገሯ ስትገባ ለሴቶች መዘምራንና ለባለ አውታር መሣሪያዎች አንድ ትልቅ ሥራ ሠራች፤ ስሙን «እንሰት ፋቂዎቹ» አለችው። ፖስታ መጠበቅ የሰለቻት ሴት በእሱ ስሟ ታወቀ። ከተማ ለከተማ ተዘመረላት፣ ሬዲዮ ላይ ወጣላት። ራሱ ሥራው ላይ ግን በእጇ «ዜማው የእኔ አይደለም፣ የሀዲያ ሴቶች ነው» ብላ ጽፋለች። ሐቀኛ ሴት ነበረች፣ ጉዱ ይሄ ነው። አንድ ገና የጻፈችልኝን ከነአማርኛዋ አስታውሰዋለሁ፦ «አንድ ሰው ጋዜጣ ላይ ጻፈ። ይህች ሴት ከሠራችው ሁሉ ጥሩው የሠራችው አይደለም፣ የተዋሰችው ነው አለ። ትክክል ነው፣ አልከፋኝም። ብቻ፣ ታደለች፣ በሕይወቴ አንድ ጊዜ እንደዚያ ያለ ዜማ ሠርቼ ቢሆን ደስ ይለኝ ነበር። ለእናትዎ ሰላም ይበሉልኝ።» ስንቅና ውሸት እያደር ይቀላል ይላሉ። ያለው ሰው እንደኔ አልዋሸም፤ የእኔ እያደር ከበደ። ከዚያ ገና በኋላ አራት ጊዜ መልስ ጀምሬ አራት ጊዜ ቀደድኩ። ሁለተኛ የልጅ ልጄ የተወለደ ዓመት ደብዳቤው ቆመ። አረፈች። ይህን ስጽፍ አፍራለሁ፤ ማፈሬንም ልደብቀው አልፈልግም።

ማማ ኖምሳ ወረቀቷን ባንኮኒ ላይ ባስቀመጠች በሳምንቱ፣ በደሳለኝ ስልክ መልእክት መጣ። የላከችው ካሪን የምትባል የብርቱካን የወንድም ልጅ ናት፤ በሆሳዕና ቤተ ክርስቲያን በኩል፣ ከዚያም ጆሃንስበርግ አጠገብ ጀርሚስተን ባለችው በእኛ በኢትዮጵያውያን ቤተ ክርስቲያን በኩል ፈልጋ አገኘችኝ። አክስቷ የተወለደችበት መቶኛ ዓመት ሊከበር ነው፤ ሥራዎቿም በአንድ መጽሐፍ ሊታተሙ ነው። ሁለት ነገር ትለምናለች። የጀርሚስተን መዘምራን ያንን ዜማ ዘምረው ቪዲዮ እንዲልኩ፣ እኔ ደግሞ የእናቴን ሙሉ ስም እንድልክ፤ መጽሐፉ ላይ የዜማው ባለቤት ተብላ እንድትጻፍ። ደሳለኝ መልእክቱን እያነበበ ደስታው ፊቱን አበራው። «አያቴ ስዊድን መጽሐፍ ላይ ልትወጣ ነው!» አለ። እኔ ወንበሩን ፈልጌ ተቀመጥኩና ከእናቴ ሌላ ለመጀመሪያ ጊዜ ለሰው ተናገርኩ። ከቦርሳዬ የመዝሙር መጽሐፌን አውጥቼ ወረቀቱን አሳየሁት። አዎ፣ አልጣልኩትም፤ ከሆሳዕና ስወጣም፣ አውሮፕላን ስሳፈርም አብሮኝ ነው።

ደሳለኝ ወረቀቱን አጥፎ መለሰልኝ። «እማ፣ ተይው» አለኝ። «ማን ተጎዳ? ሴትየዋ ሞታለች። እዚህ ያሉ የእኛ ልጆች ያንን ዜማ የአያቶቻችን ነው ብለው ነው የሚኮሩበት። ከእነሱ ቀምተሽ ለፈረንጅ ልትሰጪ ነው? አያቴንስ?»

«የእሷን ነው የምሰጣት።»

«አንዴ ተለውጧል እኮ። እንደጻፈችው ማንም ሰምቶት አያውቅም።»

ልክ ነበር። ብርቱካን የጻፈችውን ዜማ፣ እንደጻፈችው፣ ማንም ሰምቶት አያውቅም። እኔም ብሆን። ወረቀቱን ሃምሳ ዓመት ይዤ አንድ ቀን በትክክል ለማዜም ድፍረት አላገኘሁም፤ በሞከርኩ ቁጥር ድምፄ ከለመደው ሀ ላይ ይወድቃል። አንድ ቃል ብልክ የእናቴ ስም በመጽሐፍ ይወጣል። ሌላ ቃል ብልክ ብርቱካን አንድ ጊዜ ሠርቼው ቢሆን ያለችውን ዜማ ታገኛለች። ዘመኔን ሁሉ ልጆችን «እውነት ተናገሩ» እያልኩ ያሳደግኩ መምህርት፣ ፈተናው ቀላል መስሎኝ ነበር።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ማማ ኖምሳን ባሬጣዋ ከሩቅ ሲታየኝ ጠራኋት። «ማማ፣ የአንቺ ፊደል ዶ እና ፋን ያሳስታል?» አልኳት። «እንዴት ያሳስታል? ዶ ዶ ነው፣ ፋ ፋ ነው!» ደብተር አቀበልኳት። ወረቀቱን ዘርግቼ እያንዳንዷን ፊደል በጣቴ እየነካሁ ቁጥሯን በእንግሊዝኛ ነገርኳት፤ «ሦስት፣ አራት፣ አምስት፣ አምስት፣ ስድስት፣ አምስት።» እሷ በራሷ ፊደል ጻፈች። ከኋላዋ ዳቦ ፈላጊዎች ተሰልፈዋል። መነጽሯን አስተካከለች፣ ጉሮሮዋን ጠረገች፣ ዘመረችው። «ሚ፣ ፋ፣ ሶ።» ወጣ፤ ቀስ ብሎ፣ ደረጃ በደረጃ፣ ሳይቸኩል። ሃምሳ ዓመት ወረቀት ላይ ቆማ የነበረችው ባለእግሯ ሃ በኦሬንጅ ፋርም ሱቅ ፍርግርግ ፊት ድምፅ አወጣች። አለቀስኩ። ደሳለኝ ከጓዳ ወጥቶ ስልኩን ይዞ እየቀዳ ነው፤ ሳልነግረው።

«አሁን የእኛን ስሚ» አልኩና በተሳሳትኩት መንገድ አዜምኩላት። ማማ ኖምሳ ዓይኗን ጨፍና ሰማች። «ጎጎ፣ አንድ ዘፈን ነው» አለችኝ። «የመጀመሪያው ጫማ አድርጎ ትምህርት ቤት ይሄዳል። ሁለተኛው ጫማውን አውልቆ ቤቱ ይገባል። ግን አንድ ልጅ ነው። እናቱ አንዲት ናት።» ዳቦዋን ይዛ ሄደች። ደሳለኝ ቆሞ ያየኛል። «ሰማህ?» አልኩት። «ሰማሁ» አለ፣ «እናቱ ብርቱካን ናት።» ያን ቀን ከሰዓት ለካሪን በድምፅ ነገርኳት፤ ሰሌዳውን፣ አስቴርን፣ አይጡን፣ ውሸቴን፣ አንድም ሳላስቀር። ደሳለኝ እየተረጎመ ሁለቱንም ዜማ አያይዞ ላከ። የወረቀቱንም ፎቶ።

ለጀርሚስተን መዘምራን መንገር ይብሳል ብዬ ነበር፤ ታክሲ ውስጥ ሁሉ ስዘጋጅ ሄድኩ። የመዘምራኑ መሪ ቤቲ ናት፣ እዚሁ ያደገች፣ አማርኛዋ በእንግሊዝኛ የተጠቀለለ። አቆምኳቸውና ነገርኳቸው። «እማማ፣ ሲሪየስ ነዎት?» አለች ቤቲ። ከወንዶቹ አንዱ፣ ቱቦ የሚገጥም ልጅ፣ ፊቱ ጠቆረ። «አያቴ እንሰት ስትፍቅ ይህንኑ ነበር የምታዜመው» አለኝ። «አያቴ ዋሸች ማለት ነው?»

«አያትህ አልዋሸችም፣ ልጄ። የዋሸሁት እኔ ነኝ። አያትህ ያዜመችው ዘፈን ነው፤ ዘፈን ደግሞ ከተዘፈነ የዘፋኙም ነው። ግን መጀመሪያ የሠራው ሰው ካለ ስሙ ይጠራ። ያቺ ሴት ስሟ ስላልተጠራ ነው አገራችን ድረስ የመጣችው።»

ልጁ «ቃሉስ?» አለ። «ያ ሚስቱን ገበያ ልኮ የሚተኛው ባል፣ እሱም የፈረንጅ ነው?» ሁሉም ሳቁ። ቃሉ! ቃሉን የጨመረችው እናቴ ናት፤ በዚያ ዓርብ ማታ፣ ዓይኔ እያየ። ስንት ዓመት ሙሉ እናቴን ከውሸቴ ላወጣት ስታገል፣ እሷ ለካ የራሷን ድርሻ ሠርታ ጨርሳ ነበር የሄደችው።

በሦስተኛው ቀን የካሪን መልስ መጣ። አልተቆጣችም። ብዙም አልተናገረችም። «አክስቴ ይህን ብትሰማ ፊቷ ይቀላ ነበር» ትላለች፣ «የትኛው እንደሆነ ግን አናውቅም ነበር።» ቀጥላም፣ መጽሐፉ ሊታተም ነውና ምን ብለን እንጻፍ ስትል ጠየቀችኝ፤ በእናንተ ፊደልም ላኩልኝ፣ ከስዊድንኛው ጎን አስቀምጠዋለሁ አለች። ቅዳሜ ልምምድ ላይ ቤቲን ስልኳን አስወጣኋትና ቆሜ አስጻፍኳት፣ ልክ እንደድሮው፤ እኔ አነባለሁ፣ ሌላ ትጽፋለች።

«ዜማ፦ ብሪታ» አልኩ። ጻፈች።

«ግጥም፦ ወርቄ።» ጻፈች።

«ስህተት፦ ታደለች።»

ሳቅ ቤቱን ሞላው። ቤቲ ጣቷ ስልኩ ላይ ቆመ። «እማማ፣ ኖ፣ እንደዚህ ተብሎ ይጻፋል እንዴ?»

«ጻፊ። ዜማውን ትዝታ ያደረገው ማን ሆነና? ድርሻዬን አልተውም።»

ልትጽፍ ጀመረች፣ አሁንም ቆመች። ቀና ብላ አየችኝ። «ሶሪ እማማ፣ ስህተት ሲጻፍ በየትኛው ሀ ነው? በተራው ነው ወይስ በዚያ ባለ ሦስት እግሩ?»

ሠላሳ ምናምን ዓመት ፊደል ያስቆጠርኩ መምህርት ነኝ፤ መልሱን ከእንቅልፌ ብትቀሰቅሰኝ አውቀዋለሁ። «በፈለግሽው ጻፊው፣ ልጄ» አልኳት። «በእኛ አፍ አንድ ነው።»